ነጭ ሆኖ የወጣው ጨርቅ

ሰውን የሚያሳስተው የማያውቀው ነገር ነው ይባላል። ጨርቅ አቅላሚውን ሽማግሌ ያሳሳታቸው ግን አብጠርጥረው የሚያውቁት የገዛ ሥራቸው ነው። ይህን የምንተርከው ሽማግሌውን ለማሳጣት አይደለም። እሳቸው ራሳቸው ዛሬ ለሰማ ሁሉ የሚናገሩት ነገር ነው፤ "እኔን ያየህ ተቀጣ" ሲሉም አያፍሩም።

ነገሩ የጀመረው በአጋጣሚ ነው። አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ ሽማግሌው ትንንሽ ጠርሙሶችና ንጹህ አልኮል ፈልገው ከገበያው ጀርባ ወዳለው መድኃኒት ቤት ጎራ አሉ። ዕድሜ ልካቸውን ከቀለም በርሜል ጋር ስለኖሩ እጃቸው እስከ ክርናቸው ሰማያዊ ነው፤ ሳሙናም አላስለቀቀው፣ ሰፈሩም "ባለ ሰማያዊው" ብሎ ነው የሚጠራቸው። ከባንኮኒው ኋላ ነጭ ጋዋን የለበሰች ወጣት ቆማለች። ፊታቸውን ከማየቷ በፊት እጃቸውን አየችና ክው አለች።

"ጋሼ! እርስዎ ነዎት?"

የሟች እህታቸው ልጅ ናት። በሌላ ከተማ ተምራ እዚያው ሥራ መያዟን ሰምተው ነበር እንጂ ወደዚህ መዛወሯን አላወቁም። ባንኮኒውን ዞራ ወጥታ አንገታቸው ላይ ተጠመጠመች።

"እዚሁ አፍንጫችን ሥር ሆነሽ ሳትጠይቂን! እናትሽ ብትኖር ምን ትል ነበር?" አሉ፤ ቁጣቸው ግን ዕንባቸውን አልደበቀላቸውም።

"ገና መግባቴ ነው ጋሼ፤ እሑድ ልመጣ ነበር። እትዬስ ደህና ናቸው?"

"ደህና ናት። ጡቷ ላይ አንዲት እብጠት ቢጤ ወጥታባት ነበር፤ እሷን በመድኃኒት ይዣታለሁ። ጠርሙሱም ለዚያው ነው።"

የልጅቱ ፈገግታ ከፊቷ ላይ ጠፋ።

"የትኛው ሐኪም ነው የያዛቸው?"

"እኔ" አሉ ሽማግሌው።

ልጅቱ ጋዋኗን አውልቃ ሥራውን ለባልደረባዋ አስረክባ ተከተለቻቸው።

የሽማግሌው ቤት ከማቅለሚያው ጋር አንድ ግቢ ነው። በርሜሎቹ በግድግዳው ጥግ ተደርድረዋል፤ በላያቸው በተወጠረው ገመድ ላይ ሰማያዊ ጨርቅ ተሰጥቷል፤ ውሃው እየተንጠባጠበ መሬቱንም ሰማያዊ አድርጎታል። ባለቤታቸው በሩ ላይ ወንበር አውጥተው ተቀምጠው ነበር። ልጅቱን ሲያዩ "ወይኔ የእህቴ ልጅ!" ብለው ተነሱ። የባላቸውን እህት እንደ እህታቸው ነበር የሚያዩዋት። ልጅቱ ልታቅፋቸው ስትል ግን ቀኝ ክንዳቸውን ሰብስበው ግራ ጎናቸውን ሰጧት። ትከሻቸው ላይ ወፍራም ነጠላ ደርበዋል፤ ከነጠላው ሥር የቆየ ቁስል ሽታ በሽቶ ተሸፍኖ ይወጣል። ልጅቱ ሽታውን አወቀችው። ባልየው ግን ከሽታው ጋር አብረው የኖሩ ስለሆኑ አይሸታቸውም።

ሽማግሌው ከመደርደሪያ ላይ አንድ የእንጨት ሣጥን አወረዱና በኩራት ከፈቱት። ትንንሽ ጠርሙሶች ተደርድረውበታል፤ በውስጣቸው የሰናፍጭ ፍሬ የሚያክሉ ነጫጭ ክኒኖች አሉ።

"ይኸውልሽ" አሉ። "ሆሚዮፓቲ ይባላል። አንድ የእንጨት ነጋዴ ወዳጅ ነበረኝ፤ ከነመጽሐፉ ትቶልኝ ሞተ። ሕጉ ቀላል ነው፤ ጤነኛውን የሚያሳምም ነገር በሽተኛውን ያድናል። ቀይ ሽንኩርት ስትከትፊ ዓይንሽም አፍንጫሽም ይፈስ የለም? ስለዚህ ጉንፋን ይዞት ዓይኑና አፍንጫው ለሚፈስ ሰው መድኃኒቱ ከሽንኩርት ይቀመማል። ንብ የነደፈው ያብጣል፣ ይቃጠላል፤ ላበጠ ሰው ከንብ። ቡና እንቅልፍ ይነሳል፤ እንቅልፍ ላጣ ከቡና። ወድቆ ለበለዘ ደግሞ ከአንዲት ቢጫ የተራራ አበባ ነው። እሾህ በእሾህ ይነቀላል የተባለው ይኸው ነው።"

"ለእትዬስ ከምንድን ነው?"

"ከመርዘኛ ተክል። ለጠጠረ እብጠት ነው ይላል መጽሐፉ። አትደንግጪ፣ መርዙ እንዳለ አይሰጥም! አንዱ ጠብታ ከዘጠና ዘጠኝ ጠብታ አልኮልና ውሃ ጋር ይደባለቅና ኃይሉ እንዲወጣ ጠርሙሱ በለፋ ቆዳ ላይ ይመታል። ከዚያ ውስጥ አንድ ጠብታ ተወስዶ እንደገና ወደ ሌላ ዘጠና ዘጠኝ ይገባል። እንዲህ እስከ ሠላሳ ጊዜ። በመጨረሻ እሱ በስኳር ክኒን ላይ ይንጠባጠባል። በቀጠነ ቁጥር ኃይሉ ይበረታል።"

"በቀጠነ ቁጥር ይበረታል?" አለች ልጅቱ። "ጋሼ፣ እርስዎ ሰው አያታልልዎትም። ይህን እንዴት አመኑት?"

ሽማግሌው ሳቅ አሉ። ይህን ጥያቄ ሲጠብቁት ነበር።

"እንደ ሌላው ሰው ብሆን አላምንም ነበር። እኔ ግን አቅላሚ ነኝ። ጀማሪ አቅላሚ ቀለሙን ያወፍረዋል፤ አንድ ጊዜ ነክሮ ያወጣዋል። ለዓይን ጥቁር ሰማያዊ ይሆናል፤ በመጀመሪያው እጥበት ግን ይለቅና ባለቤቱን ያስለቅሳል። እኔ በርሜሌን ቀጭን ቀለም ነው የምሞላው። ነክሬ አሰጣለሁ፣ ነክሬ አሰጣለሁ። ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳል። የእኔ ጨርቅ አርጅቶ ይቀደዳል እንጂ ቀለሙ አይለቅም። ቀጭኑ ከወፍራሙ እንደሚበረታ በእጄ ነው የማውቀው፤ መጽሐፉን ሳነብ 'ይህን የጻፈው ሰው አቅላሚ መሆን አለበት' ነው ያልኩት።"

አንባቢ ሆይ፣ እዚህ ላይ ቆም እንበል። ሽማግሌው አልዋሹም፤ ስለ ጨርቅ የተናገሩት ሁሉ እውነት ነው። እውነት ግን ከአንድ ቤት ተነሥቶ ወደ ሌላ ቤት ሲሄድ እንደ እንግዳ መመርመር አለበት። እሳቸው ሳይመረምሩ አስገቡት፤ ባለቤታቸውንም አስረከቡት።

ልጅቱ ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ ቀጠለች።

"ጋሼ፣ እሾህ በእሾህ ይነቀላል ያሉት ልክ ነው። ግን የሚነቅለው እሾህ እኮ እሾህ መሆን አለበት። የእርስዎስ በርሜል ቀጠነ እንጂ ባዶ ነው?"

"ባዶማ አይደለም።"

"አሥር ጊዜ ሲነክሩት አሥር ጊዜ ቀለም ይጨምርበታል። መድኃኒቱ ግን በየጊዜው ይቀነስበታል እንጂ አይጨመርበትም። ሠላሳ ጊዜ ሲቀጥን ከመርዙ አንዲት ቅንጣት እንኳ ጠርሙሱ ውስጥ አትገኝም። ይህን የእኔን ቃል አይመኑ። በርሜሉ እዚህ አለ፤ ባልዲም ሲኒም አለ።"

ሽማግሌው ፈተና የሚሸሹ ሰው አይደሉም። እልህም ያዛቸው። ከጠቆረው በርሜል አንድ ሲኒ ቀድተው ንጹህ ውሃ በሞላ ባልዲ ውስጥ ገለበጡ፣ አማሰሉ፤ ነጭ ጨርቅ ነክረው አወጡ። ጨርቁ የጠዋት ሰማይ መሰለ። "አየሽ!" አሉ። ከዚያኛው ባልዲ አንድ ሲኒ ወደ ሁለተኛው ባልዲ ገለበጡና ሌላ ነጭ ጨርቅ ነከሩ። ጨርቁን ወደ ብርሃኑ አዙረው ካላዩት በስተቀር ቀለሙ አይለይም። ሦስተኛው ባልዲ ውስጥ የነከሩት ጨርቅ ነጭ እንደገባ ነጭ ሆኖ ወጣ።

ጨርቁን አገላበጡት። ሽማግሌው ሰማያዊን ከሰማያዊ በአንድ እይታ የሚለዩ ሰው ናቸው፤ ያልሆነውን ሆነ ሊሉ ዓይናቸው አልፈቀደላቸውም።

"አልተመታም!" አሉ ድንገት። "መምታቱ ነው ኃይሉን የሚያወጣው፤ መጽሐፉ ያለው እንደዚያ ነው።" የማማሰያውን እንጨት አንስተው ባልዲውን ይመቱት ጀመር። ውሃው ፊታቸው ላይ ተረጨ፣ ልብሳቸው ራሰ፤ እሳቸው ግን አላቆሙም። ልጅቱ ዕንባዋ መጣና ፊቷን አዞረች።

"አንተ ሰውዬ!" አሉ ባለቤታቸው ከበሩ። "ውሃ ቢወቅጡት እምቦጭ!"

ሴትየዋ ቀልደኛ ናቸው፤ በሌላ ቀን ቢሆን ግቢው በሳቅ ይሞላ ነበር። ሽማግሌው እንጨቱን እንደያዙ ቆሙ፤ ጨርቁን አንድ ጊዜ ደግመው ነከሩት። ነጭ ነው።

"ይህ ገና ሦስተኛው ነው ጋሼ" አለች ልጅቱ በቀስታ። "መጽሐፍዎ ሠላሳ ይላል።"

"ያን መጽሐፍ የጻፈው ሐኪም እብድ ነበር ትዪኛለሽ?"

"እብድ አልነበረም። የዛሬ ሁለት መቶ ዓመት ገደማ የኖረ ሰው ነው። በእሱ ዘመን ሐኪም የበሽተኛውን ደም ያፈስ፣ ሜርኩሪ ያጠጣ ነበር። የእሱ በሽተኞች ውሃ ጠጥተው ስለተኙ ከሌሎቹ ሐኪሞች እጅ ተረፉ። ውሃው አልገደላቸውም እንጂ አላዳናቸውም። ዛሬ ግን ከምን ሊያስጥላቸው ነው እትዬን ውሃ የምናጠጣቸው?"

ሽማግሌው እንጨቱን ወረወሩት።

"ከምን ልበልሽ? ከዚያ ሐኪም ነዋ! መጀመሪያ ጊዜ ሆስፒታል ወስጃት ነበር እኮ። ቀና ብሎ አላያትም። 'ልብስሽን አውልቂ' አላት፣ በሩ ክፍት ነው፤ ሰው ይወጣል ይገባል። ነካ አድርጎ አንድ ወረቀት ሰጠንና 'የሚቀጥለው' ብሎ ተጣራ። ምን እንዳላት አልነገራት። ሚስቴ እያለቀሰች ነው የወጣችው። ያኔ ዳግመኛ ላልወስዳት ማልኩ። ይህ ሣጥን ግን በሽተኛውን ተቀምጠህ ስማው ይላል፤ ምን ያልማል፣ ምን ያስፈራዋል፣ በየትኛው ጎኑ ይተኛል ብለህ ጠይቀው ይላል። ሠላሳ ዓመት አብረን ስንኖር ያልነገረችኝን ነገረችኝ። እኔ ይህን እንዴት ልጣለው?"

እውነቱን እንናገር፤ ይህ ክርክር ባዶ አይደለም። የሐኪሙ ንቀት ሴትየዋን ከሆስፒታል በር መልሷቸዋል፤ ተጠያቂ ከተፈለገ እሱም አለበት። ልጅቱም አልካደችውም።

"በዚያ ሐኪም እኔም አፈርኩ" አለች። "የእርስዎ ማዳመጥ ግን ከጠርሙሱ አልመጣም፤ ከእርስዎ ነው የመጣው። እሱን አይጣሉት። ባዶ የሆነው ጠርሙሱ ነው።"

"እሺ ባዶ ከሆነ፣ እሷ ለምን ተሻላት? ራሷ ተሻለኝ ትላለች እኮ! ሲብስባትም መድኃኒቱ ሥራ ሲጀምር ነው፤ በሽታው ከመውጣቱ በፊት ይቆጣል ይላል።"

"ሲሻላቸው መድኃኒቱ ሠራ፤ ሲብስባቸውም ሠራ። ጋሼ፣ ታዲያ አልሠራም የምንለው መቼ ነው?"

ሽማግሌው መልስ ፍለጋ ወደ ባለቤታቸው ዞሩ።

"አንቺ ንገሪያት። ተሻለኝ አላልሽም?"

ሴትየዋ ነጠላቸውን ይበልጥ ወደ ጎናቸው ሳቡት። ባላቸውን ያዩበት አስተያየት ሽማግሌው እስከ ዛሬ ሲያስታውሱት እንቅልፍ የሚነሳቸው ነው።

"ብያለሁ" አሉ በመጨረሻ። "አንተ ጠርሙሷን ቆዳው ላይ ስትመታት፣ ስታዘጋጅልኝ፣ እንደ ሙሽራ ደስ ይልሃል። ክኒኗን አፌ ላይ አድርገህ ዓይን ዓይኔን ታየኛለህ። ምን ልበልህ? ተሻለኝ አልኩህ። ፊትህ በራ። በማግስቱም ጠየቅከኝ፣ በማግስቱም አልኩህ። አንድ ጊዜ ከተባለ በኋላ እንዴት ይመለሳል?"

"አልተሻለሽም ነበር?"

"አንድም ቀን።"

በሽታውን የደበቀ መድኃኒት የለውም ይላል አገሩ። እዚህ ቤት ውስጥ ግን በሽታው ከጠላት አልተደበቀም፤ ከሚወዱት ሰው ነው የተደበቀው፤ የደበቁትም ለፍቅር ብለው ነው። እንዲህ ያለው መደበቅ ከሁሉም ይከፋል፤ ተጠራጥሮ በሩን የሚያንኳኳ ስለሌለ።

ልጅቱ አክስቷን ወደ ውስጥ ይዛ ገባችና ነጠላውን ገለጠች። ሽማግሌው ተከትለው ገቡ። ብዙ ጊዜ አይተውት ነበር፤ "እየወጣ ነው" እያሉ። በዚያን ዕለት ግን መጀመሪያ ጊዜ እንዳየ ሰው አዩት። ጡቱ ጠጥሮ ወደ ውስጥ ተስቧል፤ ቆዳው ተቀዶ መግል ይወጣዋል፤ በብብታቸው ሥር ሌሎች እብጠቶች ተደርድረዋል። ሽማግሌው ግድግዳውን ይዘው ቁጭ አሉ።

"እኔ ነኝ የገደልኳት" አሉ።

"ገና አልሞትኩም" አሉ ሚስታቸው። "ለቅሶህን አታስቀድም።"

በነጋታው ሆስፒታል ሄዱ። ልጅቱ አብራቸው ተሰለፈች። የተቀበለቻቸው ሐኪም በሩን ዘግታ፣ መጋረጃውን ስባ፣ መጀመሪያ ስማቸውን ጠየቀች። ምርመራው አለቀና ሁለቱንም አስቀምጣ ነገረቻቸው። ካንሰር ነው፤ አጥንት ላይ ደርሷል። ሕክምናው ያቀለዋል፣ ዕድሜ ይጨምራል፤ ነቅሎ ግን አያወጣውም።

"እብጠቷ ባቄላ ስታክል መጥተን ቢሆንስ?" አሉ ሽማግሌው።

ሐኪሟ ወደ ሴትየዋ አየች፤ ሴትየዋ "ንገሪው፣ ይወቀው" አሏት።

"ያኔ ቢሆን ብዙዎቹ በቀዶ ሕክምናና በመድኃኒት ይድናሉ" አለች።

ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ ማለት ይህ ነው። ሽማግሌው ከዚያ ቀን በኋላ ስለ ሣጥኑ አልተከራከሩም። ሰውን የሚረታው ማስረጃ ብቻ ቢሆን ነጩ ጨርቅ በበቃቸው ነበር፤ እሳቸው ግን የተረቱት በሚስታቸው አጥንት ነው።

ሕክምናው ተጀመረ። ቁስሉ ታጠበ፣ ሽታው ጠፋ። ለሕመሙ የሚዋጥ መድኃኒት ተሰጣቸው። ሚስታቸው በመጀመሪያው ቀን ከዋጡት በኋላ ወደ ቀኝ ጎናቸው ዞረው ተኙ፤ ለረጅም ጊዜ ያልተኙበት ጎን ነው። ሲነቁ ማንም ሳይጠይቃቸው "ቀለለኝ" አሉ። ሽማግሌው ይህን ቃል ከባለቤታቸው አፍ ስንት ጊዜ ሰምተውታል! እውነተኛው ድምፁ ምን እንደሚመስል ግን ያን ቀን ነው ያወቁት። ወጥተው በርሜሎቹ መካከል አለቀሱ።

አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ ሚስታቸው አልጋው ላይ ቀና ብለው ጠሯቸው። መድኃኒቱ አፋቸውን አምርሮታል።

"ከዚያች ሣጥንህ አንዷን ክኒን አምጣልኝ።"

ሽማግሌው ደነገጡ። "ምን ያደርግልሻል? ጥዬዋለሁ ብዬሽ አልነበር?"

"አልጣልካትም፤ አልጋው ሥር ናት። አፌ መረረኝ፣ ጣፋጭ አማረኝ። አሁን ግን አትዋሸኝ፣ እኔም አልዋሽህም። ስኳር ነው ብለህ ስጠኝ።"

ሣጥኑን አወጡ፤ አንዷን ክኒን በሚስታቸው ምላስ ላይ አደረጉላቸው።

"ስኳር ነው" አሉ።

"ጣፋጭ ነው" አሉ ሚስታቸው፤ ቆይተውም፣ "ለሰው ንገር። አፍረህ እንዳትቀር። ሰው የሚሰማህ አንተ የምትሰማው ስለሆንክ ነው፤ ይህን ለከንቱ አታውለው" አሏቸው። ከዚያ በኋላ ብዙ አልቆዩም።

ከቀብሩ ጥቂት ወራት በኋላ በሰፈሩ ያለች አንዲት ልብስ ሰፊ የሽማግሌውን በር አንኳኳች። ሽማግሌው ድሮ ጎረቤቱንም ያክሙበት የነበረውን የሣጥኑን ዝና እንጂ ታሪኩን አልሰማችም። ሽማግሌው እንደ ድሮው ወንበር ሰጧት፤ እንደ ድሮው ሳያቋርጡ አዳመጧት። ምን እንደሚያስፈራት፣ ልጆቿን ለማን እንደምትተው፣ ሆስፒታል መግባት እንዴት እንደሚያስጨንቃት ነገረቻቸው። በመጨረሻ ልትናገር የመጣችውን ተናገረች፤ ጡቷ ላይ ባቄላ የምታክል ነገር አለች።

ሽማግሌው ዓይናቸውን ጨፈኑ። ቀጥለው ሁሉንም ነገሯት፤ የበርሜሉን፣ የባልዲዎቹን፣ ነጭ ሆኖ የወጣውን ጨርቅ፣ የሚስታቸውንም "ተሻለኝ"።

"ሐኪም ዘንድ የሄደ ሁሉ ይድናል አልልሽም" አሉ። "የሚያመናጭቅም ታገኚ ይሆናል፤ ያኔ እኔ በሩን እዘጋዋለሁ፤ ምን እንዳለሽም ሳይነግርሽ አንወጣም። ግን እዚያ ያለው መድኃኒት ውስጡ መድኃኒት አለው። በጊዜ የሄደ ሰው የሚቆርጡለት እብጠቱን ነው፤ የዘገየ ሰው የሚቆረጥበት ዕድሜው ነው። ይህን ከእኔ በላይ የከፈለበት ሰው የለም።"

ሴትየዋ ዕንባዋን ጠረገች።

"እሺ እሄዳለሁ። እስከዚያ ግን ከሣጥኑ ትንሽ ነገር አይሰጡኝም? ፍርሃቱን እንኳ ቢያስታግሰው።"

ሽማግሌው ሣጥኑን ከፈቱ። በሰማያዊ ጣታቸው አንዲት ነጭ ክኒን አንስተው መዳፏ ላይ አስቀመጡላት።

"ይህ ስኳር ነው" አሏት። "መድኃኒቱ ያለው እዚያ ነው። ተነሺ ልጄ፣ አብሬሽ እሰለፋለሁ።"

ኮታቸውን ለብሰው በሩን ቆለፉና አብረው ወጡ። ልብስ ሰፊዋ እብጠቷ በጊዜ ተቆርጦላት፣ ዛሬ ከስፌት መኪናዋ ፊት ተቀምጣ ትሰፋለች።